በእንቅብ በቆሎ የተገዛ ስም

ከሐዋሳ የወጣሁበት ምሽት ዝናብ ነበር። ስደተኛ ሲባል በዓይነ ሕሊናችሁ የሚመጣው በረሃ የሚያቋርጥ ጎረምሳ ከሆነ ካሁኑ ይቅርታ አድርጉልኝ። እኔ ግማሽ ጥርሴ የረገፈ፣ ጉልበቴ ደረጃ ባየ ቁጥር የሚያጉረመርም፣ ጡረታ የወጣሁ የጂኦግራፊ አስተማሪ ነኝ። የተሰደድኩትም በልጄ ጋባዥነት፣ በሁለት ሻንጣና በድርብ ካልሲ ነው። ዕድሜዬን ሙሉ ተማሪ ፊት ቆሜ አይቼው የማላውቀውን በረዶ አስተምሬአለሁ። አንዱ ተማሪ “ቲቸር፣ በረዶ ሲረገጥ ምን ይላል?” ብሎ ጠይቆኝ “ይህ ለፈተና አይመጣም” ብዬ ማለፌን አስታውሳለሁ። እነሆ ለፈተና መጣ።

መናኸሪያ ሰፈር ያለችው ቤቴ ያን ምሽት በጎረቤት ተሞልታ ነበር። ሁሉም ፊንላንድን ያውቃል። አንዱ “አፍንጫዎን ይሸፍኑ፣ ይረግፋል” ይለኛል፤ ሌላዋ “ሴቶቹ ቀጥ ብለው ዓይን ያያሉ አሉ፣ ይጠንቀቁ” ትለኛለች። “ምኔን ብለው ነው የሚያዩኝ?” አልኳት። ባለቤቴ ካረፈች ወዲህ የሸሚዜን አንገት እንኳ ልብ ብሎ ያየልኝ ሰው የለም።

በዚህ መሀል እትዬ ቡርቱካን ከቱላ ደረሰች። ነጠላዋ በዝናብ ርሶ፣ በእጇ አንድ ማሰሮ የምታህል ጠርሙስ ዳጣ ይዛለች፤ ከቃሪያና ከነጭ ሽንኩርት የተፈጨውን፣ አፍ አቃጥሎ ዕንባ የሚያስወጣውን የእኛን አገር ማባያ። ጠርሙሱን ሻንጣዬ ውስጥ ከሱሪዬ መሀል ወሸቀችውና ወደ ጓዳ ጎተተችኝ።

“ሄጦ፣ ስማኝ። ትርሲት ስትወልድ ልጁን ሽጠው።”

“ለማን?”

“እዚያ ላለ ሰው ነዋ! ዘመድ አይሁን፤ አገሩም፣ ቋንቋውም፣ ሃይማኖቱም ሌላ ይሁን። ረሳኸው እንዴ አንተ? እኔ ነኝ እኮ በቆሎውን ተሸክሜ የሄድኩት።”

እዚህ ላይ ስሜን ላስረዳችሁ፤ ካላስረዳሁ ታሪኩ አይገባችሁም። አባቴ ተሰማ የመንዝ ሰው ነበር። ሐዋሳ ስትቆረቆር መንገድ ከሚቀይሱት ጋር መጥቶ ቀረ። እናቴ ከእኔ በፊት የወለደቻቸው ሁሉ በጡት እያሉ ሞቱባት። ምትክ፣ ካሳ፣ ማስረሻ የሚባሉት ስሞች ሁሉ ተሞክረዋል፤ ሞት ግን አማርኛ ያውቃል። እኔ ስወለድ እናቴ ጎረቤቷን ሲዳማዋን ሴት ጠርታ ሸጠችኝ። ሴትየዋ አንድ እንቅብ በቆሎ ከፈለች፤ በቆሎውን የተሸከመችው ትንሿ ልጇ ቡርቱካን ነበረች። በበር ሳይሆን በመስኮት ተቀብላ ወሰደችኝ፤ ሞት በሩን ያውቀዋልና። ከዚያ ዞራ በበር ተመለሰችና “ይህን ልጄን አሳድጊልኝ” ብላ ለገዛ እናቴ አደራ ሰጠችኝ። ስምም በቋንቋዋ አወጣችልኝ፦ ሄጦ። ተስፋ ማለት ነው። ከዚያ በኋላ ሞት የተሰማን ልጅ ፈልጎ ሲመጣ የሚያገኘው የሴትየዋን ልጅ ነው። ተሸውዶ ሄደ። እስከ ዛሬም አልነቃም፤ እባካችሁ እናንተም አትንገሩብኝ።

እናቴ እስክትሞት “ልጄ” ብላኝ አታውቅም። “የጎረቤት አደራ” ነበርኩ። ገዢዬን ግን እንደ ልጆቿ “አማ” እያልኩ ነው ያደግኩት፤ በሲዳማ ቋንቋ እናቴ እንደማለት ነው። ለዚህ ነው ቡርቱካን እህቴ የሆነችው። ለዚህም ነው የመንዝ ሰው ልጅ ሆኜ በሲዳማ ስም ስጠራ ሰው ሁሉ ግራ የሚገባው። በኋላ መታወቂያዬን ያወጣችልኝ ወጣት ደግሞ ስሜን በላቲን ስትጽፍ በቋንቋው ሥርዓት ጻፈችው፤ “ጠ”ን በ“ኤክስ”፣ ያውም ሁለት ኤክስ ደርድራ። “የራስዎ ስም ነው፣ በደንቡ ይጻፍ” አለችኝ። ደስ አለኝ፤ ሳየው ግን የልብስ ሳሙና ስም ይመስላል።

ቡርቱካን የፈራችው በከንቱ አልነበረም። ልጄ ትርሲት ሁለት ጊዜ ፀንሳ ሁለቱም ልጆች ሳይሰነብቱ ሄደዋል። አልጋ ተገዝቶላቸው፣ ልብስ ታጥቦላቸው፣ ስምም ወጥቶላቸው ነበር። ስሞቹን አልነግራችሁም፤ የእሷ ናቸው። ሦስተኛውን ስትፀንስ ስልክ ደውላ “አባዬ፣ ና” ከማለት በቀር ሌላ ቃል አልተነፈሰችም። የሄድኩትም ለዚህ ነው እንጂ በረዶ ናፍቆኝ አይደለም።

ሄልሲንኪ የደረስኩ ዕለት አንድ ፂሙ እንደ በቆሎ ፀጉር የቀላ ፖሊስ ፓስፖርቴን ይዞ፦

“ሚስተር ተሰማ?” አለኝ። በዚህ በጂኦግራፊ ባስተማርኩበት እንግሊዝኛ ነው የምንነጋገረው።

“እሳቸው አባቴ ናቸው።”

“የት አሉ?”

“ሐዋሳ።”

“አብረው አልመጡም?”

“ካረፉ ቆይተዋል።”

ፖሊሱ ደነገጠ። “አዝናለሁ” አለ፤ ከልቡ ነው። “ታዲያ የእርስዎ ስም... ሄክስ... ሄክስሶ?”

“ይበቃል፣ እሱም ያስኬዳል። ተስፋ ማለት ነው።”

“እኛም አገር ተስፋ የሚባሉ አሉ” አለና ማኅተሙን መታው። “ሁሉም ሽማግሌዎች ናቸው።”

“እኔም አልደበቅሁም” አልኩት።

ትርሲት የምትኖርበት ከተማ ከሄልሲንኪ በባቡር ነው የሚገባው። ሐይቅ አለው ስትለኝ ደስ ብሎኝ ነበር። አለ፣ እውነቷን ነው፤ ግን ክዳን ገጥመውበታል። እኛ ጀልባ ላይ ሆነን መረብ ስንጥል አንዱ እዚህ በረዶውን በስቶ፣ ቀዳዳዋ አጠገብ በርጩማ ላይ ተቀምጦ፣ ዓሣው ራሱ እስኪያዝንለት ይጠብቃል። ፀሐይዋ እንደ መሥሪያ ቤት ኃላፊ አርፍዳ ገብታ ቀድማ ትወጣለች። ሩይስሌይፔ የሚሉት ጥቁር ዳቦ አላቸው፤ መልኩን አይቼ የጤፍ ዘመድ መስሎኝ ነከስኩት፣ የቀሩት ጥርሶቼ ስብሰባ ጠሩ። በረዶ ሲረገጥ ምን እንደሚልም አወቅሁ፤ አዲስ ጫማ እንዳጠለቀ ሙሽራ ሲጥ ሲጥ ይላል።

ሰዉ ግን! ሐዋሳ ውስጥ ከቤቴ እስከ ባህል አዳራሽ ለመድረስ ሰላምታው ብቻ ግማሽ ቀን ይፈጃል። እዚህ ደረጃ ላይ የማገኘውን ሁሉ እጅ እየነሳሁ “እንደምን አደሩ” ስል ሰነበትኩ። በሁለተኛው ሳምንት ኢሳንኖይትሲያ መጣ። ይህ ረጅም ቃል የሕንፃው አስተዳዳሪ ማለት ነው፤ ቃሉን ስትጨርሱ ሰውየው ሄዷል።

“ቅሬታ ደርሶኛል” አለ በር ላይ እንደቆመ።

“ዳጣው ሸተተ?”

“እሱም አለ። ዋናው ግን ደረጃ ላይ ሰው ሰላም ይላሉ።”

“አዎን።”

“በተደጋጋሚ።”

“ሰዎቹ በተደጋጋሚ ስለሚወጡ ነው።”

“አንዳንድ ነዋሪዎች እርስዎ እስኪገቡ በር ጀርባ ሆነው መጠበቅ ጀምረዋል። ለሥራ እየዘገዩ ነው።”

አሳዘነኝ፤ ፊቱ እንደ ተማሪ ቀልቶ ነበር። በቀን ለሁለት ሰው ብቻ ሰላምታ እንድሰጥ ተስማማን፤ የትኞቹ እንደሆኑ ምርጫው የእኔ ነው።

ከመረጥኳቸው አንዷ ከጎናችን ባለው ቤት፣ እንደ እኛው በምድር ቤቱ ወለል ላይ የምትኖረው ወይዘሮ ሄልቪ ነች። እንደ እኔ ብቻዋን የቀረች፣ ፖስታ ቤት ሠርታ ጡረታ የወጣች፣ ሹራብ የምትሠራ አሮጊት። አንድ ጠዋት በመስኮቷ ፊት ስሄድ እግሬ ወደ ሰማይ፣ ባርኔጣዬ ወደ ጎረቤት ከተማ በረሩ። ወጥታ አነሳችኝ። ገብታ ጫማ ላይ የሚታሰር የብረት ጥፍር አምጥታ፣ ተንበርክካ እግሬ ላይ አሰረችልኝና ተመለሰች። እንደ አውራ ዶሮ እየቧጨርኩ ቤቴ ገባሁ። ከዚያ ወዲህ ሰላም ስላት በአገጯ ትመልስልኛለች።

ልጅቷ በብርዱ አናት ላይ ተወለደች። በደህና! ጩኸቷን በስልክ ስሰማ አባቷ ዳዊት፣ የጭነት መኪና ሹፌር ስለሆነ ግማሽ ሳምንት መንገድ ላይ የሚያድረው አማቼ፣ መኪናውን ዳር አቁሞ ሲያለቅስ እኔ ዳጣ በማንኪያ በላሁ። ያስለቀሰኝ ዳጣው ነው ብዬ ነበር።

ትርሲት ግን አልተደሰተችም። እንዴት ልንገራችሁ፣ ታጠባታለች፣ ታጥባታለች፣ ትቀይራታለች፤ ሁሉንም እንደምትሠራበት የአረጋውያን ቤት፣ በጥንቃቄና በጸጥታ። አትስማትም። ዓይኗን አታያትም። “እሷ ተኝታለች” “እሷ ነቃች” ትላለች። ስም ምን እናውጣ ስላት “ሰማንያ ቀኗ ይድረስ፣ ክርስትና ስትነሳ” ትላለች። የክርስትና ስም ሌላ፣ የዓለም ስም ሌላ መሆኑን ጠፍቷት አይደለም። ከመዝገብ ክፍል “የሕፃኗን ስም እየጠበቅን ነው” የሚል መልእክት በስልኳ ሲመጣ ስልኩን በፊቱ ደፍታ ታስቀምጠዋለች። አንድ ቀን ሕፃኗ ስትስቅ አየሁ፤ ትርሲት ፊቷን ቶሎ ወደ መስኮቱ አዞረች። ያኔ ገባኝ። ልጄ የምትፈራው ሞትን ብቻ አይደለም፤ ሕፃኗን መውደድ ራሱን ፈርታለች።

እኔም የቡርቱካንን ነገር አስታወስኩና የሄልቪን በር አንኳኳሁ።

“የሚሸጥ ልጅ አለኝ” አልኳት። በእንግሊዝኛዬ ከዚህ የተሻለ አጭር ዓረፍተ ነገር አልመጣልኝም።

ሄልቪ የሹራብ መርፌዎቿን እንደያዘች አየችኝ። “የማን ልጅ?”

“የልጄ። ዋጋው አያስቸግርም፣ ያለሽን ነው።”

“እናቷ ታውቃለች?”

“ገና አልነገርኳትም። ሲሸጥ እናት ባታይ ይሻላል።”

ሄልቪ በሩን በጨዋነት ዘጋችው። እኔ እንግዲህ እዚህ አገር ዝምታ እሺ ማለት ነው ብዬ፣ ዋጋውን ልታስብበት ነው ብዬ፣ እያፏጨሁ ቤቴ ገባሁ።

በማግስቱ ጠዋት የሕፃናትን ደህንነት የሚከታተሉ ሁለት ሰዎች መጡ፤ አንዲት ሽበታም ሴትና አንድ ጆሮው ላይ ቀለበት ያሰረ ወጣት። ጫማቸውን በር ላይ አውልቀው በካልሲ ገቡ። ትርሲት መታወቂያቸውን ስታይ ፊቷ አመድ መሰለ። ሕፃኗን አቅፋ ጥግ ያዘች፤ ከተወለደች ወዲህ እንደዚያ አጥብቃ ስታቅፋት ያየሁት ያን ጊዜ ነው። ሴትየዋ ነገሩ በደንብ እንዲጣራ ብላ በስልክ አስተርጓሚ ጠራች። ከስልኩ ውስጥ ወፍራም የጎጃም ድምፅ ወጣ።

“አባት፣ ደህና ዋሉ። ‘ትናንት ለጎረቤት ሕፃን ሊሸጡ ነበር ወይ?’ ይላሉ። የተሳሳቱ ይመስለኛል፣ ደግሜ ልጠይቃቸው?”

“አልተሳሳቱም፤ ልሸጥ ነበር።”

“በስመ አብ... ጋሼ፣ ይህንን ልተርጉመው?”

“ተርጉመው።”

“አባዬ!” አለች ትርሲት። ድምፅዋ ተሰበረ። “አባዬ፣ ይወስዱብኛል እኮ! ምን አድርገህ ነው?”

ያን ጊዜ ነው የደነገጥኩት። እኔ ሞትን ላታልል ስሯሯጥ ልጄን ሌላ በር ከፍቼባት ኖሯል።

ሴትየዋ ረጋ ብላ “በስንት ሊሸጧት ነበር?” አለች።

“ገዢዋ ባላት። እኔ ራሴ በአንድ እንቅብ በቆሎ ነው የተሸጥኩት።”

“እርስዎ ተሸጠው ያውቃሉ?”

“አዎን።”

“ማን ሸጠዎት?”

“እናቴ።”

ወጣቱ ከወንበሩ ተነቃነቀ። “ለፖሊስ አመልክተው ነበር?”

“የቀናት ልጅ ነበርኩ፤ ጣቢያውም ገና አልተሠራም።”

ስልኩ ውስጥ ያለው ሰው ሳቅም ሳልም የሚመስል ነገር አወጣና ሥርዓቱን ጥሶ በራሱ ጠየቀኝ። “ጋሼ፣ የሕፃኗ እናት ከዚህ በፊት ልጅ ሄዶባቸዋል እንዴ?”

“ሁለት።”

“ታዲያ እንደሱ አይሉም! ‘ልሸጥ ነው’ ብቻ ይባላል? ቆይ እስቲ።” ከዚያ በፊንላንድኛ ረጅም ነገር ተናገረ። የእኔ መልስ አንድ ቃል፣ የእሱ ትርጉም አንድ ስብከት።

“ምን አልካቸው?”

“እርስዎ ያላሉትን ሁሉ። የእኔንም አጎት ጨመርኩ፤ እሱም የተሸጠ ነው፤ ዘጠና ሊሞላው ነው፣ እስካሁን ይሳደባል።”

ሴትየዋ ወንበሯን ወደ ትርሲት አዙራ በቋንቋቸው አንድ ነገር በዝግታ ጠየቀቻት። ትርሲት ሕፃኗን አየች። ቆይታ መናገር ጀመረች። አንዲት ቃል አልገባኝም። ግን በዚያ በማላውቀው ቋንቋ መካከል ሁለት የማውቃቸው ስሞች ሰማሁ። ከሄዱ ወዲህ ከአፏ ወጥተው አያውቁም።

“ጋሼ” አለ ሰውየው በስልኩ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፤ “ይህን አልተረጉምልዎትም። ያውቁታል።”

ሰዎቹ ሲወጡ ሴትየዋ የትርሲትን ትከሻ ነካ አደረገች። ሌላ ቀን ከእሷው ጋር ለመነጋገር ተመልሳ እንደምትመጣ፣ ሕፃኗን የሚወስድ ማንም እንደሌለ ነገረቻት። ወጣቱ በር ላይ ጫማውን እያሰረ “እኔን በስንት ይሸጡኝ ነበር?” አለኝ። “የጆሮህን ቀለበት ከጨመርክበት በሁለት እንቅብ” አልኩት።

አመሻሹ ላይ በራችን ተንኳኳ። ሄልቪ ነች።

“እኔ ነኝ የደወልኩት” አለች።

“አውቃለሁ። ደግ አደረግሽ። አንድ ሽማግሌ መጥቶ እንደዚያ ቢለኝ እኔም እደውላለሁ።”

“ሴትየዋ ምክንያቱን ነገረችኝ።” ከካፖርቷ ኪስ አንድ ጥንድ ትንንሽ፣ ቀይና ነጭ የሱፍ ካልሲ አወጣች። ቪላሱካት ይሏቸዋል። “ይህ ይበቃል?”

ትርሲትን አየኋት። ይህ ጊዜ የእሷ ነበር፤ አንዴ ሳላስፈቅድ ሄጄ ያመጣሁትን ጣጣ አይቻለሁ። ትርሲት ካልሲዎቹን ተቀብላ ብዙ አገላበጠቻቸው። ከዚያ ሕፃኗን በብርድ ልብስ ጠቀለለችና እጄ ላይ አስቀመጠቻት።

“እኔ ፊቴን አዞራለሁ” አለች። “ቶሎ በል።”

ሄልቪ ዞራ በውጭ መጣች። መስኮቱን ከፈትኩ፣ ብርዱ እንደ ጥፊ ገባ። በረዶው ያለ ነፋስ ቀጥ ብሎ ይወርዳል። ሕፃኗን ወደ ታች፣ ወደ ተዘረጉት እጆች አወረድኳት። ታዲያ ልክ በዚያች ቅጽበት ማን ያልፋል? ኢሳንኖይትሲያ! አሮጊቷ በመስኮት ሕፃን ስትቀበል፣ ሽማግሌው ከላይ ሲያቀብል አየ። አፉ ተከፈተ። የቀን ሁለት ሰላምታዬን ጨርሼ ነበር፣ ግን ምን ላድርግ፦

“እንደምን አመሹ!” አልኩት።

“እንደምን አመሻችሁ” አለና እግሬ አውጪኝ አለ።

ሄልቪ ሕፃኗን ካፖርቷ ውስጥ ሸጉጣ ሕንፃውን ዞረች። በበር መጥታ አንኳኳች። ያስጠናኋትን በራሷ ቋንቋ ተናገረች፦ “ይህች ልጄ ናት። ታሳድጊልኛለሽ?” ትርሲት ዞረች። “አሳድግልዎታለሁ” አለች፤ ተቀበለቻት፤ ግንባሯን፣ ጉንጯን፣ ትንንሽ ጣቶቿን አንድ በአንድ ሳመቻት። እስከዚያ ቀን አንድም ቀን አልሳመቻትም። አሁን የሰው ልጅ ናት፤ የሰው ልጅ መሳም ማንን ይጎዳል?

ከዚያ ወዲያ የገባነው ዕዳ ግን! ገዢ መብት አለው። በማግስቱ ሄልቪ መጥታ “ልጄ ንጹሕ አየር ያስፈልጋታል” አለችና ሕፃኗን በጋሪ ጠቅልላ በዚያ ቁር በረንዳ ላይ አስተኛቻት። የአገራቸው ልማድ ነው፤ ሕፃናቱ በበረዶ መሀል ቀይ ጉንጭ አውጥተው ያንኮራፋሉ። ትርሲት መስታወቱ ላይ ግንባሯን ለጥፋ “አባዬ፣ ልጄን አደረቀቻት!” ትላለች። “የማን ልጅ?” እላታለሁ። ጥርሷን ትነክሳለች። ሕፃኗ ግን እንደዚያ ቀን እንቅልፍ ተኝታ አታውቅም።

ስሙ ደግሞ አለ። ስም የሚያወጣው ገዢ ነውና ሄልቪን ለመንናት። ነገሩን እንደ መንግሥት ጉዳይ ያዘችው። እነሱ የሕፃን ስም እስከ ስም ማውጫው ግብዣ ቀን ለማንም አይናገሩም፤ ሳምንታት ጠበቅን። በደረጃ ላይ ሳገኛት “በሀ ይጀምራል?” እላታለሁ፤ አገጯን ወደ ላይ ታደርጋለች። ዳጣ ዳቦ ላይ ቀብቼ ጉቦ ሞከርኩ፤ በላችው፣ ቀላች፣ ውሃ ጠጣች፣ አልተናገረችም።

ቀኑ ደረሰ። ዳዊት ፈቃድ ወስዶ መጣ፤ ሄልቪ ኬክ ጋገረች፤ ኢሳንኖይትሲያ እንኳ አበባ ይዞ ደጃፍ ላይ ቆመ። ሄልቪ ሕፃኗን አቅፋ ተነሳችና ተናገረች።

ቲዩኔ።

እንዲህ ስጽፈው ራሱ አልሆነልኝም። በላቲን ሲጻፍ መሀሉ ላይ ያችን “ዋይ” የሚሏትን ፊደል ሁለት ጊዜ ይደረድሩባታል፤ ድምፅዋ ሊስም ለሾለ ከንፈር እንጂ ለእኛ ፊደል የተሠራች አይደለችም። እኔ ባለ ሁለት ኤክሱ ሳሙና፣ የልጅ ልጄ ባለ ሁለት ዋይ! ትርሲት በሳቅ ፈረሰች። ከመጣሁ ወዲህ እንደዚያ ስትስቅ አላየኋትም።

“አባዬ፣ የአሮጊት ስም ነው እኮ! የምሠራበት ቤት ሁለት ቲዩኔዎች አሉ። ሁለቱም ጥርስ የላቸውም።”

“ይህችስ መች አላት?” አልኳት።

ሄልቪ አልሳቀችም። ትርጉሙን ስንጠይቃት ነፋስ የሌለበት ውሃ፣ ጸጥ ያለ ሐይቅ ማለት ነው አለችን። “ግን ለዚያ አይደለም የመረጥኩት” አለች። ቃላቱን በእንግሊዝኛ አንድ በአንድ ፈለገቻቸው። “በሕይወቴ ብዙ ቲዩኔዎች አውቃለሁ። አክስቴ፣ ጎረቤቴ፣ የትምህርት ቤቱ ወጥ ቤት። ሁሉም በጣም፣ በጣም አርጅተዋል።”

ዳዊት ኬኩን መቁረጫ ቢላ እንደያዘ ፊቱን አዞረ።

የዚያኑ ቀን ከሰዓት በኋላ ቱላ ደወልኩ። ቡርቱካን ስልኩን አንስታ መጀመሪያ ጮኸች፤ ስልክ ስትይዝ ሁልጊዜ ትጮኻለች፣ ርቀቱን በጉሮሮዋ ልትሸፍነው።

“ሸጥካት?”

“ተሸጠች፣ እትዬ። በካልሲ።”

“ካልሲው አዲስ ነው?”

“አዲስ ነው።”

“እንግዲያ ከአንተ በቆሎ ይሻላል። የአንተው ነቀዝ ነበረበት፤ እናትህ አልነገረችህም?” ሳቀች። “ስሟስ?”

ነገርኳት። ደጋግማ ሞከረች። ቲኔ አለች፣ ቱኔ አለች፣ በመጨረሻ የራሷን አበጅታ ያዘች። ትርሲት ከወዲያኛው ክፍል “ቲዩኔ! ቲዩኔዬ!” እያለች ስትጣራ ተሰማ፤ ሕፃን ጠርተውት እንደማይመጣ የረሳች ይመስል፣ አሥር ጊዜ፣ ሃያ ጊዜ።

“ማነው የሚጮኸው?” አለች ቡርቱካን።

“እናቷ ናት። ስሟን እየጠራች።”

“ተመስገን” አለች ቡርቱካን። ቀጥላም “አንተስ? መቼ ነው የምትመጣው?”

“ልጅቷ ትንሽ ጠንከር ትበልና...”

“ልጅቷ ባለቤት አላት አልክ አይደል? የገዛቻት አለች። አንተም ባለቤት አለህ። እማዬ ከፍላብሃለች፣ እማዬ ባትኖር እኔ አለሁ። የተሸጠ ሰው ገዢውን ሳያስፈቅድ አገር ይለቃል እንዴ? ማን ፈቀደልህ?”

ለዚህ የሚሆን ቀልድ ፈለግሁ። ዕድሜዬን ሙሉ ሲያገለግለኝ የኖረው አፌ ያን ቀን አመፀ። በመስኮት አየሁ፤ ሐይቁ ላይ ያለው ክዳን ከዳር ዳሩ መቅለጥ ጀምሯል። ትርሲት አሁንም ትጣራለች። ከስልኩ ወዲያ የሆነ ነገር ይንሾካሾካል፣ ቀጥ ብሎ፣ ሳያቋርጥ።

“ምንድነው እሱ?” አልኳት።

“የበልግ ዝናብ ነው። እንሰቱ ላይ ነው የሚወርደው። ምነው፣ ረሳኸው?”

“እትዬ” አልኳት፤ “ስልኩን አትዝጊው። ምንም አትበይ። በረንዳው ላይ አስቀምጪውና ሥራሽን ሥሪ።”